ጨው ወደ ላይ አይወጣም

የጋምቢያ ወንዝ አመለኛ ነው። ፉታ ጃሎን ተራሮች ላይ ተወልዶ መጀመሪያ ወደ ሰሜን ይንደረደራል፤ ባሕሩ ያለው ግን በምዕራብ ነው። ተሳስተሃል ብሎ ማን እንደነገረው ባይታወቅም መንገድ ላይ ሐሳቡን ለውጦ ይታጠፋል። ከተራራው ከወረደ በኋላ ደግሞ ጉልበቱ ይከዳዋል። አገሩ ዝርግ ስለሆነ የሚገፋው ቁልቁለት የለም። ባሕሩ ሲሞላ ውሃው እየተገፋ ወደ ላይ ይመለሳል፤ ባሕሩ ሲጎድል ወደ ታች ይወርዳል። በየቀኑ እንዲሁ ነው፤ ቤቱ አንድ ነገር ረስቶ እንደሚመላለስ ሰው። ካርታ የሚሠሩ ሰዎች በሰማያዊ ቀለም አስምረው ወደ ምዕራብ የሚያመለክት ቀስት አድርገውበታል። ወንዙ ቀስቱን አላየውም።

ከባሕሩ ጋር ጨው ይመጣል። በክረምት የተራራው ጎርፍ ጨዉን እየገፋ ወደ ባሕሩ አፍ ይሸኘዋል። በበጋ የተራራው ጉልበት ሲደክም ጨዉ ቀስ እያለ ወደ ላይ ይወጣል። የት ድረስ እንደሚወጣ በየዓመቱ ይለያያል፤ በወንዙ ዳር ሩዝ የሚያበቅል ሰው ሁሉ ኑሮው በዚህች “የት ድረስ” ላይ ተንጠልጥሏል። የሳንቶ ኩንዳ ሰዎች ግን አልተንጠለጠሉም። እነሱ ጨው የት እንደሚቆም ያውቃሉ። ጨው የሚቆመው ከእነሱ በታች ነው።

ከሳንቶ ኩንዳ ትንሽ ዝቅ ብሎ ወንዙ እንደ ክርን ይታጠፋል። የመንደሩ መሥራች ኬሞ እዚያ ክርኑ ላይ ምርኩዙን ተክሎ ጨዉን “እስከዚህ” ብሎታል፤ ጨዉም እሺ ብሏል። ይህንን የምናውቀው ከጃሊ ሱንቱ ነው። ጃሊ ማለት የሰውን ዘር ማንዘር በክራር እያዋዛ የሚያወድስ ሰው ነው፤ ሱንቱም ሰው ሻይ ባፈላ ቁጥር የኬሞን ምርኩዝ ሳያነሳ አይጠጣም። ጨዉን በየዓመቱ የሚያቆመው በሌላ አገር ተራራ ላይ የሚዘንብ ዝናብ እንደሆነ የሚያስብ ሰው በሳንቶ አልጠፋም ይሆናል። ግን ለሌላ አገር ዝናብ ማን ግጥም ይገጥማል?

ከክርኑ በታች ያለው መንደር ዱማ ተንዳ ይባላል። ጨዉን የሚቀበለው ዱማ ነው። ሳንቶና ዱማ ደግሞ ሳናዉ ናቸው። ሳናዉ ማለት ሲገናኝ የመሰዳደብ ግዴታ ያለበት፣ ሲሰደብ የመቀየም መብት የሌለው ዘመድ ነው። አያቶቻቸው አንድ ጊዜ ሊተላለቁ ደርሰው “ከእንግዲህ በምላስ ብቻ” ብለው ተማማሉ፤ ከዚያ ወዲህ የምላሱ ጦርነት አልቆመም። የዱማ ሰው ሳንቶ ሲገባ ሰላምታው፣ “እናንተ ሆዳሞች፣ ዛሬም አልፈነዳችሁም?” ነው። መልሱ፣ “እናንተ ጨው ላሾች፣ ከብት የመጣ መስሎን ነበር” ነው። የሳንቶ ሰው ሲሞት ዱማዎች ይመጡና ከአስከሬኑ አጠገብ ተጋድመው፣ “ተነስ አንተ ሰነፍ፣ ዘመንህን ሙሉ ተኝተህ አልጠገብክም?” ይላሉ፤ ባለ ሐዘኑም እያለቀሰ ይስቃል። መልካም ሥርዓት ነው። ብዙ ደም አድኗል። ሩዝ ያድናል ያለ ግን የለም።

የዱማ ምላስ ቲዳ ናት። ባሏ የሞተባት፣ አጥንቷ የረዘመ፣ ስትናገር አንድ ዐይኗን የምትጨፍን ሴት ናት። የሳንቶን አልካሎ፣ ማለት የመንደሩን ሹም፣ ፋማራን ወጣት ሳለ ጀምራ ሰድባዋለች፤ ሲሾም ሰድባዋለች፤ ሐጅ ደርሶ ሲመለስ ወንዙ ዳር ጠብቃ፣ “እዚያስ የሚበላ ነበረ?” ብላዋለች። ፋማራ በቲዳ ስድብ ይኮራል። እንግዳ ሲመጣበት፣ “ቆይ ዱማዋን ላስጠራልህ፣ እኔን ስትዘልፍ ስማ” ይላል። ሌላው ሹም በሬ አርዶ የሚያገኘውን ክብር እሱ በእሷ ስድብ ያገኘዋል።

ከዚህ ሁሉ ሳቅ በታች ግን ቲዳ አንድ ነገር ነበራት። የእናቷ ዘር። ቅርፊቱ ቀላ ያለ፣ ሲቀቀል ሽታው ሦስተኛ ቤት የሚጠራ ሩዝ ነው። ዘሩን እናቷ ከእናቷ ተቀበለችው፤ ቲዳ ከእናቷ ተቀበለችው፤ በዓመቱ እየዘራች፣ ካጨደችው መርጣ ከምድጃው በላይ ጭስ ላይ እየሰቀለች አቆየችው። ከዚያ ጨው የዱማን ማሳ በላ። ዛሬ ያ ማሳ ነጭ ሆኖ ተጋግሯል፤ ሸርጣን እንጂ ሰው አይወርድበትም። ዘር ደግሞ ጭስ ላይ ተሰቅሎ አይኖርም፤ ካልተዘራ ይሞታል። እናም ልጇ ኒማ ሳንቶ ስታገባ ቲዳ ከዘሩ አንዲት ፍሬ ለራሷ ሳታስቀር ሁሉንም አስይዛ ላከቻት። ኒማ ይህ ታሪክ በሆነበት ዓመት አማቷ ቆርሳ በሰጠቻት ማሳ ላይ ዘራችው። ያ ዘር በምድር ላይ የነበረው እዚያች ማሳ ላይ ብቻ ነበር።

ያን ዓመት ዝናቡ ቶሎ ሸሸ። በጋው ሲገፋ የዱማ ከብቶች ወንዙ ዳር ቆመው አፍንጫቸውን ነክረው ይመለሱ ጀመር። ዓሣ አጥማጆቹ መረባቸውን ሲጎትቱ የባሕር ዓሣ ይወጣላቸዋል፤ እነሱም ጎበዝ ሆንን ብለው ደስ አላቸው። ቲዳን ግን ደስ አላላትም። ጨዉን ታውቀዋለች፤ ቤቷ ገብቶ የዘረፋትን ሌባ ከኋላው ብታየው እንደምትለየው ትለየዋለች። ጠዋት ጠዋት እየወረደች ውሃውን ትቀምሳለች። የሆነ ቀን ባሕሩ ሲሞላ በታንኳ ተሳፍራ ውሃው ራሱ ወደ ላይ ወሰዳት፤ ክርኑን አልፋ፣ የኬሞን ምርኩዝ አልፋ እጇን ነክራ ቀመሰች። ጨዉ እዚያ ነበር። ምርኩዙን አይቶ ያለፈ ይሁን ሳያየው ያለፈ ማን ያውቃል።

የሳንቶ ሩዝ በበጋ የሚያድገው ወንዙ ራሱ እያጠጣው ነው። በማሳው ራስ ላይ ግድብ አለ፣ ግድቡ ላይ የሳንቃ በር አለ። ሙሉ ጨረቃ ሲሆን ባሕሩ ከሁልጊዜው አብልጦ ይሞላል፤ በረኛው ማላንግ ሳንቃውን ያነሳል፤ ውሃው ገብቶ ማሳውን ያጠጣል፤ ሳንቃው ይመለሳል። ሩዙ እሸት መያዝ ጀምሮ ነበር። ጨረቃዋ ልትሞላ ነበር። በሩ ለዚያች አንዲት ሙላት ተዘግቶ ቢቆይ ሩዙ ትንሽ ይጠማዋል እንጂ አይሞትም። በሩ ከተከፈተ ግን ዱማን የበላው ሳንቶን ይበላል። በሩን ዝጋ ማለት የሚችለው አልካሎው ብቻ ነው። ቲዳ ቅሏን ከምርኩዙ በላይ ካለው ውሃ ሞልታ ወደ ሳንቶ ሄደች።

ሽማግሌዎቹ እንደልማዳቸው ባንታባው ላይ፣ ትልቁ ዛፍ ሥር ባለው የእንጨት መደብ ላይ፣ ተጋድመው አረንጓዴ ሻይ ያስፈላሉ። ቲዳ ገና ከሩቅ ስትታይ ፋማራ ተነስቶ ተቀመጠ፤ ፊቱ በራ።

“መጣች” አለ። “ሱንቱ፣ አንዴ ዝም አሰኛት የተባለልኝን ግጥም አዘጋጅ።”

ቲዳ ምላሷ ከሐሳቧ ይቀድማል። “እናንተ ሆድ ብቻ፣ መሬቱ አልከዳችሁም?” አለች፤ ወዲያው ግን ተጸጸተች። “ተዉት እሱን። ዛሬ የመጣሁት ለቁም ነገር ነው።”

ባንታባው በሳቅ ተናወጠ። አንዱ ሽማግሌ ሻዩ ትን አለው።

“ለቁም ነገር” አለ ፋማራ ዐይኑን እየጠረገ። “አዲስ ነው። ቀጥዪ።”

“ጨው ክርኑን አልፏል። ለጨረቃው በሩን እንዳትከፍቱ።”

“የኬሞን ምርኩዝስ?”

“አልፎታል።”

“ሰላም ሳይለው?”

“ፋማራ፣ በእናቴ እየማልኩልህ ነው።”

“እናትሽማ የእኔን አባት ሽማግሌ አህያ ብላ የቀበረችው ናት” አለ ፋማራ፤ ሽማግሌዎቹም ያንን ቀብር እያስታወሱ እንደገና ሳቁ።

ቲዳ ቅሉን አቀረበችለት። “ቅመስ።” ፋማራ ተጎነጨና ተፋው። ጨው ነበር። ለአፍታ ያህል ፊቱ ላይ አንድ ነገር አለፈ፤ ቲዳ አይታዋለች፤ እስከ ዛሬ ትምላለች። ከዚያ ግን በቶባስኪ፣ ማለት በአረፋ በዓል፣ ይህቺው ሴት የሻዩን ስኳር በጨው ለውጣ ለእንግዶቹ ሁሉ እንዳጠጣችበት ትዝ አለው።

“አሁንም በጨው?” አለ። “አርጅተሻል ቲዳ። አንድ ቀልድ ሁለት ጊዜ ትሸጪ ጀመር።”

“ወንዙ እዚያው ነው። ተነስተህ ሂድና ከራሱ ቅመስ።”

“ገባኝ” አለ ፋማራ ጣቱን እያወዛወዘ። “የሳንቶ አልካሎ በዱማ ሴት ቃል ተነስቶ፣ ወንዝ ዳር ተንበርክኮ፣ ውሃ እንዲልስ ነው። ከዚያ እስከ ልጅ ልጄ ድረስ ‘ጨው ላሹ ፋማራ’ ልባል። ይኼን ስታወጪ ስንት ሌሊት ፈጀብሽ?”

እዚህ ላይ ቲዳ አለቀሰች። ማልቀስ አስባ አልመጣችም። ነጩ ማሳዋ፣ እናቷ፣ ጭስ ላይ የነበረው ባዶ ቦታ አንድ ላይ መጡባትና ቆማ አለቀሰች። ከሽማግሌዎቹ አንዱ አጨበጨበ። ሌላው አጨበጨበ። በቀብር ላይ የምታስቅ ልቅሶ ስታለቅስ አይተዋታል፤ የዛሬው ግን ከሁሉም በለጠ። አንዱ ሽማግሌ ከኪሱ ኮላ የሚባለውን የሚታኘክ ፍሬ አውጥቶ እግሯ ሥር ሸለማት። ጃሊ ሱንቱ ክራሩን አንስቶ፣ “እንባዋ ውሸት፣ ውሸቷ እንባ፣ የዱማ ልጅ” ብሎ ገጠመላት። ውሃ ሲወስድ እያሳሳቀ ነው ይባላል። የሳንቶን ያህል የሳቀ መንደር ግን አላየሁም።

ኒማ እናቷን ከባንታባው ጎትታ ወደ ቤት ወሰደቻት። ውሃ አጠጣቻት። እሷ አምናለች።

“ለአማቴ ነግሬያት ነበር” አለች። “ትናንትና ቀምሻለሁ እኮ እኔም።”

“ምን አለች?”

“‘የዱማ ደም አይጠራ፣ አንቺም ጀመርሽ?’ ብላ ሳቀች። ለባሌ ነገርኩት። እሱ ደግሞ ወንድሞቹን ጠርቶ ድገሚው አለኝ፤ እንዲስቁ።” ኒማ እጇን ጉልበቷ ላይ አድርጋ ተቀመጠች። “ልጅ ብወልድላቸውም፣ አብሬያቸው ባርምም፣ ያው ዱማ ነኝ። ስታመም እንኳን መጀመሪያ ይስቁና ነው የሚያስታምሙኝ።”

“ማላንግስ?”

“አልካሎው ካላለ ሳንቃ አይነካም። እሱ የሚያውቀው ጨረቃ ስትሞላ ማንሳት ነው።”

እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይላሉ። ቲዳ የምታሳድርበት ቀን አልነበራትም፤ ሙላቱ በማግስቱ ጠዋት ነው። ያን ቀን ወደ ዱማ ሳትመለስ ልጇ ዘንድ አደረች፤ ስታስብም አንድ ነገር ታያት። መስደብ ካላሳመናቸው፣ መማል ካላሳመናቸው፣ ማልቀስ ካላሳመናቸው፣ አንድ የቀረ ነገር አለ። ማንም ሳናዉ ለሳናዉ አድርጎት የማያውቅ ነገር። ያኔ የግዳቸውን ይደነግጣሉ፤ ሲደነግጡም ይሰማሉ። ቲዳ ብልህ ነበረች። የብልህ ሰው ስህተት ሌላውም እንደኔ ያስባል ማለቱ ነው።

በማግስቱ ኒማ የጁምዓ ቀሚሷን አለበሰቻትና እሷ ራሷ ወደ ማሳው ሮጠች፤ ማላንግን በሆነ ነገር ልታዘገየው። ቲዳ ወደ ባንታባው ሄደች። ከሩቅ ጫማዋን አወለቀች። ፋማራ ገና ሲያያት ፈገግ ብሎ ለስድቡ ተመቻችቶ ተቀመጠ። ቲዳ ፊቱ ደረሰች፣ ተንበረከከች፣ ዐይኗን ወደ መሬት አደረገች።

“አሰላሙ አለይኩም፣ የተከበሩ አልካሎ” አለች። “ቤተሰብዎ ደህና አደሩ? የሳንቶ ታላላቆች እንዴት ናችሁ? አላህ ዕድሜያችሁን ያርዝመው።”

የሱንቱ ክራር በመሃል ቆመ። ሻይ የሚቀዳው ሰው ብርጭቆው ሞልቶ ሲፈስ አላየም።

“ማን ሞተ?” አለ ፋማራ።

“ማንም አልሞተም፣ ጌታዬ።”

“ጌታዬ አለችኝ” አለ ፋማራ ወደ ሽማግሌዎቹ ዞሮ። ድምፁ ቀጥኖ ነበር። “ሰምታችኋል?”

“ሰምተናል” አሉ ሽማግሌዎቹ።

“በትሕትና የምለምንዎ አንድ ነገር ነው። ዛሬ በሩ እንዳይከፈት ለማላንግ ሰው ይላኩ። ጨው እየመጣ ነው።”

ደንግጠዋል። በዚያ በኩል አልተሳሳተችም። ፋማራ ግን ከንግግሯ ውስጥ “ጨው” የሚለውን አልሰማም፤ የሰማው “በትሕትና” የሚለውን ነው። ሰውዬው ከልቡ ተጎዳ። ዐይኑ እንባ አቀረረ።

“ምን አደረግንሽ?” አለ። “ይህን ሁሉ ዘመን ስትሰድቢኝ አንድ ቀን ፊት ነስቼሻለሁ? ትናንት ስቀንብሽ ነው? ለመሳቅ አይደለም እንዴ የመጣሽው? በሰው ፊት እንዲህ አክብረሽ ታዋርጅኝ?”

“የተከበሩ አልካሎ...”

“ደገመችው” አሉ ከኋላ።

አንዱ ሽማግሌ ጉሮሮውን ጠረገ። “ነገሩ ቀላል አይደለም” አለ። “ሳናዉ ሳናዉን ካከበረ ዝምድናው ፈርሷል ማለት ነው። ዝምድናው ከፈረሰ የአያቶቻችን መሐላ ፈርሷል። መሐላው ከፈረሰ ደግሞ በምላስ ብቻ የተባለው ቀረ። ጦር ልታውጅብን የመጣች ሴት ናት ይህቺ።”

“በአባቶቻችን ዘመን እንዲህ ያለ አልተሰማም” አለ ጃሊ ሱንቱ። “ሲሰደቡ ኖሩ፣ እየተሰደቡ ተቀበሩ።”

“ሰው ይላክና በሩ ይዘጋ፣ ከዚያ እንደፈለጋችሁ ፍረዱብኝ” አለች ቲዳ፤ አሁን ተነስታ ቆማለች።

“አንድ ነገር በአንድ ጊዜ” አለ ሽማግሌው። “በር ሳንቃ ነው፤ ይደረስበታል። ይህ ግን የዘር ጉዳይ ነው።”

እናም ሸንጎ ተቀመጡ። ሳንቶ ሸንጎ ሲቀመጥ እንደሌላው አይደለም፤ ያምርበታል። በመጀመሪያ ኬሞ ተነሳ። ምርኩዙ ተነሳ። የዱማ መሥራችና ኬሞ እንዴት እንደተጣሉ፣ በማን ሚስት እንደተጣሉ፣ ሚስቲቱ የማን ልጅ እንደነበረች ተነሳ፤ በሚስቲቱ አባት ስም ላይ ሁለት ሽማግሌዎች ተጋጩና እነሱን ማስታረቅ ሌላ ጊዜ ወሰደ። ቲዳ በየመሃሉ “በሩ” ትላለች። በየመሃሉ “ተራሽ ሲደርስ” ይሏታል። አንድ ጊዜ ራሷ ልትሮጥ ተነሳች፤ ተከሳሽ ሸንጎ ጥሎ አይሄድም ብለው ሁለት ጎረምሶች አስቀመጧት፤ በአክብሮት አይደለም፣ እየሳቁ። በዛፉ ቅጠሎች መካከል ፀሐይዋ ከፍ ስትል ታያለች። ሙላቱ ጠዋት እንደነበር ሁሉም ያውቁ ነበር፤ ዕድሜያቸውን ወንዝ ዳር የኖሩ ሰዎች ናቸው።

ግድቡ ላይ ማላንግ ቆሞ ይጠብቅ ነበር። ክፉ ሰው አይደለም። ዝጋ ያለው የለም፤ ክፈት ያለውም የለም። ኒማ ሳንቃው ላይ ተቀምጣ አልነሳም ብላዋለች።

“የእናትሽ ተንኮል ነው አይደል?” አለ እየሳቀ። “ትናንት ስታለቅስ ሰምቻለሁ። ሰው ሁሉ ሲያወራው ነበር። ወይኔ አመለጠኝ።”

“ማላንግ፣ ጎንበስ ብለህ ቅመሰው።”

“ከዛፉ ጀርባ ማን አስቀምጠሻል፣ ስቀምስ ሊስቅ?” ዙሪያውን አየ። ከዚያ ኒማን በብብቷ አንስቶ፣ እንደ እህቱ ቀስ አድርጎ ሣሩ ላይ አስቀመጣትና ሳንቃውን አነሳ። ውሃው ገባ። ደስ የሚል ድምፅ አለው ውሃ ሲገባ። ኒማ ወደ ራሷ ማሳ ሮጣ መግቢያውን በእጇ ጭቃ እየቆፈረች ትደፍን ጀመር፤ ሌሎቹ ሴቶች ከየማሳቸው ቀና ብለው አይተው ሳቁ። “ዱማዋ ውሃ ፈራች” ተባባሉ። ውሃው ጭቃውን አፈረሰው። ደግማ ደፈነች። በጭቃው ላይ ዘሎ ገባ። ኒማ ጎንበስ ብላ ከማሳዋ ውሃ ጨልፋ ቀመሰች፤ ከዚያ መድፈኑን ተወች።

ሸንጎው ፍርድ ላይ የደረሰው ያኔ ነው። ሽማግሌው ተነስቶ ቆመ። ቲዳ አክብሮት በመፈጸም ጥፋተኛ ናት። ነገር ግን የሳንቶ ሰው ሆደ ሰፊ ነው፤ አሮጊት ናት፣ አንድ ቀን ሰው ይደክመዋል። ቅጣቱ ይኸው ነው፦ እዚሁ በሰው ሁሉ ፊት አልካሎውን ትስደብ፤ ደህና አድርጋ ትስደብ፤ ያኔ ዝምድናው እንደነበረው ይሆናል። ሰው ሁሉ እፎይ አለ። ፋማራ ከሁሉም በላይ እፎይ አለ፤ ቀሚሱን አስተካክሎ፣ ጢሙን ደባብሶ፣ ሊሰደብ ተዘጋጀ። ሴቶችና ልጆች ከየቤቱ እየመጡ ከበቡ።

በዚህ መካከል ኒማ መጣች። እስከ ወገቧ ጭቃ ነበረች። ከሰው ጀርባ ቆማ እናቷን አየቻትና ራሷን ግራና ቀኝ ነቀነቀች። ቲዳ ልጇን ለረጅም ጊዜ አየቻት።

“በይ እንጂ” አለ ፋማራ በፍቅር። “እየጠበቅን ነው።”

ቲዳ ወደ እሱ ዞረች።

“ሩዝህ ሞቷል” አለች።

ሳቁ ከባንታባው ጫፍ ተነሳና ሁሉንም አዳረሰ።

“ማላንግ በሩን ከፍቷል። ጨዉ ገብቷል። አሁን ብትሄድ አረንጓዴ ሆኖ ቆሞ ታገኘዋለህ፤ እሸቱም ያምራል። ትንሽ ቆይቶ ጫፉ ይነጣል። ከዚያ ይቃጠላል። ሚስቶችህ በባዶ ቅርጫት ይመለሳሉ። የመንደርህ ልጆች ክረምቱን ቅጠል ቀቅለው ይበላሉ፤ አንተም ከኬሞ ምርኩዝ ሥር ተቀምጠህ ታያቸዋለህ። ከዚያ ጎረምሶቹ ወደ ከተማ ይሄዳሉ። አይመለሱም።”

አንዱን አረፍተ ነገር ስትጨርስ ሳቁ ያድጋል፤ ሁለተኛውን ስትጨርስ ሰው ሆዱን ይዞ ይቀመጣል። ሴቶች እርስ በርስ ተደጋግፈው ሳቁ። ማላንግ ከግድቡ ሲመለስ ደርሶ፣ ስሙ ሲጠራ በመስማቱ ኮርቶ፣ ከሁሉም አብልጦ ሳቀ። ሱንቱ የክራሩን ክር እየመታ እያንዳንዱን ቃል ለዘለዓለም ሊያስቀምጠው ይይዝ ነበር። ቲዳ ስታያቸው ተናደደች። ከነንዴቷ አሳዘኗት። ደስ ብሏቸው ነበርና፤ እንዲህ ደስ ብሏቸው አያውቅም።

ፋማራ ሳቁ ሲበርድለት ተነሳ። ትንፋሹ ገና አልተመለሰም። እጇን በሁለት እጁ ያዘ።

“ስድብ ማለት ይህ ነው” አለ። “ታረቅን። ይቅር ለአላህ።” ከዚያ ወደ ሕዝቡ ዞረ፤ ድምፁን ከፍ አደረገ። “የዚህች ሴት የእናቷ ዘር በእኛ መሬት ላይ ነው ያለው፤ አውቃለሁ። ለመከሩ ትመጫለሽ፣ ቲዳ። ለዘር የሚሆንሽን እኔ ራሴ ከማሳው ዘለላ ዘለላውን መርጬ እሰጥሻለሁ። የዱማ መሬት አንድ ቀን ሲድን ትዘሪዋለሽ። አላህ ለመከሩ በሰላም ያድርሰን።”

“አሚን” አለ ሳንቶ ኩንዳ በአንድ ድምፅ።

ቲዳ ዐይኗን ከልጇ ሳታነሳ፣ “አሚን” አለች።